ሦስት የአንበሳ ጸጉር፤ ስለ አንድ የትዕግሥት ተረት

ማታ እሳት ዳር ከሚነገሩት የኢትዮጵያ ተረቶች መካከል የአንበሳው ጸጉር ተረት ከሚወደዱት አንዱ ነው። ታሪኩ አጭር ነው። ባሏ የከፋባት አንዲት ሴት ከአንድ አዋቂ ሽማግሌ ዘንድ ትሄዳለች። ባሏ እንደ ቀድሞው እንዳልሆነ፣ ሲገባ እንደሚቆጣ፣ ሲቆጣም እጁን እንደሚያነሣባት ነግራ ልቡን የሚያለዝብ መድኃኒት እንዲሰጧት ትለምናቸዋለች። ሽማግሌው መድኃኒቱ እንዳለ፣ ነገር ግን ከሕያው አንበሳ የተነቀለ ሦስት ጸጉር ካልገባበት እንደማይሠራ ይነግሯታል። ሴቲቱ ደንግጣ ትመለሳለች፤ ቢሆንም አትተወውም። ሥጋ ይዛ አንበሳው ውሃ ከሚጠጣበት ሥፍራ ትሄድና ከሩቅ ጥላለት ትሸሻለች። በማግሥቱ ጥቂት ትቀርባለች፤ በሦስተኛው ቀን ጥቂት ትጨምራለች። ቀናት ሳምንታት ይሆናሉ። በመጨረሻ አንበሳው ከእጇ እየበላ ሳለ ሦስቱን ጸጉር ነቅላ በሩጫ ከሽማግሌው ዘንድ ትደርሳለች። እሳቸውም ፈገግ ብለው፣ አንበሳን ያላመደች ሴት ባሏን ለማላመድ ምን መድኃኒት ያስፈልጋታል ብለው ያሰናብቷታል። አድማጭ ይስቃል፤ ተራኪውም «ተረቴን መልሱ፣ አፌን በዳቦ አብሱ» ብሎ ይዘጋል።

ተረቱ ለረጅም ጊዜ የተነበበው የትዕግሥት ምሳሌ ተብሎ ነው። ይህ ንባብ ስሕተት ነው ለማለት አይቻልም፤ ጎደሎ ነው እንጂ። የሥነ ቃል ጥናት የአንድን ተረት ቅርፅና መልእክት መርምሮ ሲጨርስ ብዙ ጊዜ የሚዘልለው ጥያቄ አለ። ይኸውም ተረቱ ለማን ይነገራል፣ የሰማችውስ ሴት ከሰማች በኋላ ወዴት ትሄዳለች የሚለው ነው። ይህች ሴት በዛሬው ዘመን በሰሜን ሸዋ በመርሐ ቤቴ የምትኖር ብትሆን ከአንበሳው ይልቅ መንገዷ ወደ ዓለም ከተማ ያመራል። ዓለም ከተማ የወረዳው ዋና ከተማ ናት፤ ከአዲስ አበባ የሚነሣ መንገደኛ በሙከጡሪና በለሚ አልፎ የጀማን ጥልቅ ሸለቆ ወርዶና ወጥቶ ይደርስባታል። ዳኛውም፣ ፖሊሱም፣ ሐኪሙም የሚገኙት በዚያ ነው። ከገጠር ቀበሌ የምትነሣው ሴት ግን ከመንገዱ በፊት ይህን ተረትና የተረቱን ዘመዶች ስትሰማ አድጋለች። በአማርኛ «ዓለም» የሚለው ቃል ደስታም ሠርግም ነው፤ እናት «የልጄን ዓለም ልይ» ስትል የምትመኘው የልጇን የጋብቻ ቀን ነው። የከተማዋን ስም ከዚህ ጋር ማያያዝ የቃል ጨዋታ ብቻ ነው። ቢሆንም እናቷ ዓለሟን ያየችላት ልጅ ከዓመታት በኋላ ያበጠ ፊቷን በነጠላ ሸፍና ወደ ዓለም ከተማ ስትወጣ ጨዋታው ጨዋታነቱ ይቀራል።

ተረቱ በመጀመሪያ የሚሠራው ሥራ ደፋር ነው፤ ባልን ከአውሬ ጋር ያመሳስላል። ይህ ድፍረት ግን በቀላሉ አይታወቅም፤ በቀረርቶና በፉከራ አገር አንበሳ መባል ለወንድ ሙገሳ ነውና። ባል የሆነው አድማጭ በንጽጽሩ አይከፋም፣ እንዲያውም ይኮራል። ሴቲቱ ግን በተረቱ ውስጥ አንበሳውን የምታውቀው በሙገሳው በኩል አይደለም፤ በጥርሱ በኩል ነው። አንዱ ቃል ለወንዱ ሰም፣ ለሴቲቱ ወርቅ ሆኖ በአንድ ምድጃ ዙሪያ ለተቀመጡ ሁለት ሰዎች ሁለት ተረት ይነግራል። ሐያሲ ነኝ የሚል ሁሉ ይህን የመሰለ ቁጠባ ሊያደንቅ ይገባዋል።

የተረቱ ዕውቀት ይበልጥ የሚታየው በመካከለኛው ክፍል ነው። ሴቲቱ አንበሳው መቼ እንደሚጠግብ፣ ጆሮው ሲቆም ምን ማለት እንደሆነ፣ ጅራቱን ሲያወናጭፍ ስንት እርምጃ ማፈግፈግ እንደሚገባት ትማራለች። ይህ ክፍል ከምናብ ብቻ የመጣ አይመስልም። በሚያስፈራ ባል ቤት የኖረች ሴት ሁሉ ይህን ትምህርት ታውቀዋለች። ከደጅ የሚሰማው ኮቴ ፈጣን ነው ወይስ ዝግ ያለ? በሩ እንዴት ተከፈተ? ዱላውን ከጥግ አስደገፈው ወይስ በእጁ እንደ ያዘ ተቀመጠ? ከእርሻ ነው የመጣው ወይስ ከጠላ ቤት? ልጆቹም ይማሩታል፤ የአባታቸው ሳል ሲሰማ ጨዋታቸውን አቁመው ጥግ ይይዛሉ። ተረቱ ይህን ዕውቀት ብልሃት ይለዋል። ብልሃት መሆኑም እውነት ነው፤ ነገር ግን ከብልሃት ሁሉ እጅግ የሚያሳዝነው ዓይነት ነው፤ ቀኑን ሙሉ የሌላውን ፊት ሲያነቡ መዋል የራስን ልብ ማንበብ ያስረሳልና።

አሜሪካዊቷ የሥነ ልቡና ባለሙያ ሌኖር ዎከር እ.ኤ.አ. በ1979 ባሳተመችው መጽሐፍ የተደበደቡ ሚስቶችን ቃል መሠረት አድርጋ የበደሉን አካሄድ በሦስት ደረጃ ከፍላዋለች። በመጀመሪያው ውጥረት ይከማቻል፤ ባል በጥቂቱ በትልቁ ይነጫነጫል፣ ሚስት እንቅፋቱን ሁሉ ከመንገዱ ለማንሣት ትሯሯጣለች። በሁለተኛው ውጥረቱ ይፈነዳል፤ ዱላው ይወርዳል። በሦስተኛው ባል ይጸጸታል፣ ይምላል፣ ስጦታ ያመጣል፣ የጫጉላው ጊዜ የተመለሰ ይመስላል። ከዚያም ውጥረቱ ቀስ እያለ እንደገና ይጀምራል። ደተንና ፔይንተር የተባሉ ሁለት ተመራማሪዎች ደግሞ እ.ኤ.አ. በ1981 ባቀረቡት ጥናት ሴቲቱ ለምን እንደማትለይ ሲያስረዱ፣ ቁጣና ቸርነት እየተፈራረቁ ከአንዱ እጅ ሲመጡ ተበዳይን ከበዳይ ጋር የሚያስተሳስር ጽኑ ማሰሪያ ይፈጠራል ብለዋል። ዘወትር ክፉ የሆነን ሰው መጥላት ቀላል ነው። የመታ እጅ በማግሥቱ ሲያብስ ግን እንባን ያደረቀው ማን እንደሆነ እንጂ ያፈሰሰው ማን እንደነበረ ይዘነጋል።

ይህን አካሄድ «የበደል ዑደት» ብሎ መጥራት ይቻላል። ዑደት በቤተ ክርስቲያን ቋንቋ ታቦት ቤተ መቅደሱን ዞሮ ወደ መንበሩ የሚመለስበት ሥርዓት ነው፤ የዑደት ጠባዩ መመለሱ ነው። አሁን ተረቱ የት ላይ እንደሚያበቃ ልብ ይሏል። የሚያበቃው አንበሳው ጠግቦ ከሴቲቱ እጅ በበላበት ቅጽበት፣ ማለትም በሦስተኛው ደረጃ መካከል ነው። የጠገበ አንበሳ በማግሥቱ እንደሚርበው ሴቲቱም፣ ሽማግሌውም፣ አድማጩም ያውቃሉ። ተራኪው ግን አፉን በዳቦ አብሷል። የተረቱ ደስታ የሚጸናው ማግሥት ስለሌለው ነው።

ስለዚህ ተረት ከሚነሡት ነገሮች ሁሉ ዋናው ግን ሌላ ነው። ተረቱ ባል በሌለበት መልክም ይነገራል። ራስል ዴቪስና ብሬንት አሻብራነር የተባሉ ሁለት አሜሪካውያን ከኢትዮጵያ የሰበሰቧቸውን ተረቶች እ.ኤ.አ. በ1959 ሲያሳትሙ ለመጽሐፋቸው ርእስ ያደረጉት ይህንኑ የአንበሳ ጸጉር ነው። በዚያ በቀረበው መልክ ሴቲቱ የምትጨነቀው ስለ ባሏ ሳይሆን ስለ እንጀራ ልጇ ነው። እናቱ የሞተችበት ልጅ አዲሲቱን ሴት አይቀበልም፤ ያበሰለችውን አይበላም፣ ስትቀርበው ይሸሻል። በአንበሳው ላይ ያሳየችውን ትዕግሥት በልጁ ላይ እንድታሳይ ትመከራለች። በዚህ መልኩ ተረቱ አንድም ስንጥቅ የለበትም። ኃይል ያላት ሴቲቱ ናት፤ የሚፈራው ሕፃኑ ነው። ኃይለኛው ወደ ደካማው ሲቀርብ ቀስ ብሎ፣ ምግብ ይዞ፣ ጊዜ ሰጥቶ ይቅረብ ማለት ሰው ሁሉ ሊሰማው የሚገባ ምክር ነው።

ልጁ ተነሥቶ ባል ሲገባበት የተረቱ አካል አይለወጥም፤ ያው ሥጋ፣ ያው አንበሳ፣ ያው ሦስት ጸጉር ነው። ትርጉሙ ግን ይገለበጣል። አሁን የምትፈራው የምትቀርበው ናት። ደካማው ኃይለኛውን ያላምድ፣ የተመታው የመታውን ይታገሥ፣ ጥፋቱን ያላጠፋው መድኃኒቱን ይፈልግ የሚል ምክር ይሆናል። በአንዱ ቤት ርኅራኄ የነበረው በሌላው ቤት ማሰሪያ ይሆናል። ከሁለቱ መልኮች የትኛው ቀድሞ እንደተነገረ መወሰን ለዚህ ክርክር አያስፈልግም፤ የተረቱ መገጣጠሚያዎች በየትኛው ቤት እንደሚላቀቁ ማየት ይበቃል።

ተመሳሳይ ተረት በሩቅ ምሥራቅ በኮርያም ይነገራል። በዚያ አንበሳው ነብር ነው፤ ጸጉሩም አንድ ነው። የኮርያው ተረት ግን የባልን መክፋት ምክንያት ይናገራል፤ ባል ከጦርነት የተመለሰ ሰው ነው። ሚስቱ የምታስታምመው የቆሰለ መንፈስ ነው፤ ስለዚህ ትዕግሥቷ የአስታማሚ ትዕግሥት ይሆናል። አገርኛው ተረት ለባል ምክንያት አይሰጠውም። አንበሳ ለምን እንደሚናከስ ማንም አይጠይቅምና።

ከተረቱ ወደ ኑሮው ሲመጣ ሽማግሌው አንድ መሆናቸው ይቀርና ሦስት ወይም አምስት ይሆናሉ። ሚስት ተደብድባ ወደ ወላጆቿ ቤት ስትሄድ «አኩርፋ ሄደች» ይባላል። ቃሉ ራሱ ፍርድ አለበት፤ የሸሸችውን ሴት እንዳኮረፈ ሕፃን ያደርጋታል። ጥቂት ቀናት ካለፉ በኋላ ሽማግሌዎች ይላካሉ። ለፍርዱ ያህል የሽምግልናን መልካም ጎን አለመጥቀስ ነውር ነው። የተረቱ ሽማግሌ ባልን አስጠርተው አያውቁም፤ የእውነተኛው ሽምግልና ግን ባልን ያስቀርባል፣ ይወቅሳል፣ ካሳ ያስከፍላል፣ ዋስ ያስጠራል። በዚህ ረገድ ልማዱ ከተረቱ ይሻላል። ድክመቱ የሚመጣው ከሚጠይቀው ጥያቄ ነው። ሽምግልና የሚጠይቀው «ምን ተፈጠረ?» ብሎ ነው፤ ማለትም አንድ ቀን፣ አንድ ዱላ፣ አንድ ምክንያት ይፈልጋል። ወጡ አረረ፤ መልስ ሰጠች፤ ሳትናገር ወጣች። በደሉ ግን ያለው በሁለት ዱላዎች መካከል ባሉት ጸጥ ያሉ ሳምንታት ውስጥ ነው። ለእነዚያ ሳምንታት ቃል የላትም፤ ብትናገራቸውም «ይህ ደግሞ በማን ቤት የለም?» ይባላል።

የዎከር ሦስት ደረጃ ከተጻፈ በኋላ ብዙ ተተችቷል። በየቤቱ ጸጸት አይታይም፣ የሚጸጸተው ባል ጥቂት ነው የሚለው ትችት ተገቢ ነው። በደጋው አገርም ሚስቱን እግሯ ላይ ወድቆ ይቅርታ የሚጠይቅ፣ አበባ የሚያመጣ ባል መፈለግ ከንቱ ነው። ሦስተኛው ደረጃ ግን አልጠፋም፤ ከባል እጅ ወጥቶ ወደ ማኅበረሰቡ እጅ ገባ እንጂ። ስለ ባል የሚጸጸቱት ሽማግሌዎች ናቸው። «ይቅር ለእግዚአብሔር» የሚያሰኙት እነርሱ ናቸው። ቡናው ይፈላል፣ ጠላው ይቀዳል፣ በጉ ይታረዳል፣ የባል እናት ምራቷን አቅፋ ታለቅሳለች። ለአንድ ቀን ሴቲቱ እንደ ሙሽራ ትከበራለች። በሌላው ዓለም ዑደቱ በሁለት ሰዎች መካከል የሚዞር ሲሆን በዚህ መንደሩ በሙሉ ገብቶ ያሽከረክረዋል፤ ለዚያውም በቅን ልቡና። ከዚህ በኋላ ዳግመኛ ብትሸሽ የምትሸሸው ከባሏ ብቻ አይደለም፤ የሽማግሌዎቹን ልፋት፣ የዋሱን ክብር፣ የአማቷን እንባ ረግጣ ነው። ይሉኝታ የሚባለው ነገር እንዲህ ያለ ክብደት አለው። «ሆድ ይፍጀው» የሚለው አባባልም የሚወለደው በዚህ ሥፍራ ነው።

የጽሑፍ ሥነ ጽሑፍ ይህን ቤት ሳያንኳኳ አላለፈም፤ ነገር ግን ብዙ ጊዜ የሚቆመው ከበሩ ላይ ነው። በመርሐ ቤቴ የተወለዱት ብላቴን ጌታ ኅሩይ ወልደ ሥላሴ ጋብቻን የአማርኛ ልብ ወለድ ርእሰ ጉዳይ ካደረጉት ቀደምት ደራሲዎች አንዱ ናቸው፤ «የልብ አሳብ» በ1923 ዓ.ም. የወጣው ስለ ብርሃኔና ስለ ጽዮን ሞገሳ ጋብቻ ነው። ያለዕድሜ ጋብቻን በመንቀፍ ረገድ መጽሐፉ ያለው ሥፍራ የታወቀ ነው። መንግሥቱ ለማም በ«ጠልፎ በኪሴ» ጠለፋን፣ በ«ያላቻ ጋብቻ» የዘርና የማዕረግ ልዩነትን በኮሜዲ መድረክ ላይ አውጥተው አሥቀውበታል። እነዚህ ሁሉ የጋብቻን መግቢያ በር የሚፈትሹ ሥራዎች ናቸው፤ በስንት ዓመቷ ገባች፣ በፈቃዷ ነው ወይስ በጉልበት፣ ከማን ጋር። በአግባቡ ገብታ፣ በዕድሜዋ ገብታ፣ ወዳ ገብታ በውስጥ ስለ ጠፋችው ሴት ግን የሚናገረው ጥቂት ነው። ለዚህ አንዱ ምክንያት የጉዳዩ ጠባይ ሳይሆን አይቀርም። ጠለፋ ታሪክ አለው፤ ፈረስ አለው፣ ጩኸት አለው፣ አሳዳጅ አለው። የቁጥጥር ኑሮ ግን ድርጊት የለውም፤ ተመሳሳይ ቀን ነው።

ያንን ተመሳሳይ ቀን ለመግለጽ ከዎከር ይልቅ የሚጠቅመው አሜሪካዊው ኢቫን ስታርክ ነው። እ.ኤ.አ. በ2007 ባሳተመው መጽሐፍ ዋናው በደል ዱላው ሳይሆን ዱላው የሚጠብቀው ሥርዓት ነው ብሎ ተከራክሯል፤ ገንዘቧን፣ መውጫ መግቢያዋን፣ ዘመዶቿን፣ እንቅልፏን ሳይቀር በባል ፈቃድ ሥር የሚያደርግ ሥርዓት። በመርሐ ቤቴ ወይም በመንዝ ገጠር ይህ ሥርዓት ምን መልክ እንዳለው ለመገመት ብዙ ማሰብ አያስፈልግም። ከጎተራው የሚወጣው እህል ይቆጠራል። ከገበያ የተመለሰችው ሚስት የሸጠችውን ቅቤና የተረፈውን ሳንቲም እየዘረዘረች ታስረክባለች። ወደ ምንጭ ወርዳ የቆየችበት ጊዜ በፀሐይ ጥላ ይለካል። ቡና የምትጠጣባቸው ጎረቤቶች አንድ በአንድ ይነቀፉና አንድ በአንድ ይቀራሉ። ዱላ በዓመት አንድ ጊዜ ቢነሣ ይበቃል፤ የቀሩትን ቀናት ትዝታው ይጠብቃቸዋል።

እዚህ ላይ በተረቱ ውስጥ ያለ አንድ ትንሽ እንቆቅልሽ ያስቃል። ሴቲቱ በየቀኑ ሥጋ ከየት አመጣች? የምእመኑ ጾም የዓመቱን እኩሌታ ያህል በሚወስድበት፣ ሥጋ የበዓል ምግብ በሆነበት የገበሬ ቤት አንበሳ የሚያጠግብ ሥጋ ለሳምንታት ማውጣት ባልየው ሳያየው የሚሆን አይደለም። ከሚቆጣጠር ባል ቤት ሥጋ እየሰወረች ለአንበሳ ያበላች ሴት ተረቱ ከሚነግረን ይልቅ ደፋር ናት። ምናልባትም ተረቱን ለመጀመሪያ ጊዜ የተናገረው ሰው የጎተራ ቁልፍ ይዞ የኖረ ወንድ ይሆናል።

ዳሩ ግን ተረቱን ለልጅ ልጆቻቸው የሚያወርሱት በአብዛኛው ሴቶች መሆናቸው መካድ የለበትም። እ.ኤ.አ. በ2016 የተካሄደው የኢትዮጵያ የሕዝብና ጤና ጥናት፣ ምግብ ብታሳርር፣ ብትከራከር፣ ሳትነግረው ብትወጣ፣ ልጆችን ብትዘነጋ ወይም መኝታ ብትከለክል ባል ሚስቱን ቢመታ ተገቢ ነው ወይ ብሎ ጠይቆ ነበር። ቢያንስ በአንዱ ምክንያት ተገቢ ነው ያሉት ከሴቶች ከመቶ 63፣ ከወንዶች ከመቶ 28 ናቸው። ቁጥሩ ለተመልካች ግራ ነው። የሚመቱት ከሚመቱባቸው ይልቅ ዱላውን ደገፉ። ምናልባት ወንዶቹ ለጠያቂ የሚስማማውን መልስ ያውቁ ይሆናል። ሴቶቹ ግን የመለሱት በተረቱ ቋንቋ ነው፤ አንበሳ ይናከሳል፣ ያልተናከሰች ሴት ብልሃተኛ ናት፣ የተነከሰች እጇን በማይገባ ሰዓት ሰዳለች። ጥፋቱን ከራስ ጋር ማያያዝ አንድ ተስፋ አለው፤ የእኔ ጥፋት ከሆነ ነገ ላርመው እችላለሁ ማለት ነው። ይህን ተስፋ መንጠቅ ቀላል አይደለም። የዓለም ጤና ድርጅት እ.ኤ.አ. በ2005 ባወጣው የብዙ አገሮች ጥናት በቡታጅራ አካባቢ ከተጠየቁት፣ ባል ወይም የኑሮ ጓደኛ ከነበራቸው ሴቶች ከመቶ 71 ያህሉ በሕይወታቸው አንድ ጊዜ እንኳ የአካል ወይም የወሲብ ጥቃት ከእርሱ እንደደረሰባቸው ተናግረዋል። በእንዲህ ያለ ቁጥር ፊት ብልሃትን መጠየቅ ጭካኔ ይሆናል።

ሴቶች ግን ተረት ብቻ አይደለም ያላቸው። ገና ጎሕ ሳይቀድ ወፍጮ ላይ ተንበርክካ የምታንጎራጉር ሴት የራሷን ሥነ ቃል ትፈጥራለች። የወፍጮ እንጉርጉሮ ከሌሎች የዘፈን ዓይነቶች የሚለየው አድማጩ የማይታይ በመሆኑ ነው። ባል በመደብ ላይ ተኝቶ ይሰማል፤ ያልተነገረው ስለሆነ ግን ሊመልስ አይችልም። ጎረቤትም በግድግዳው በኩል ይሰማል። ዶናልድ ሌቪን በመንዝ ኖሮ ባጠናው መሠረት እ.ኤ.አ. በ1965 ያሳተመው መጽሐፍ ሰምና ወርቅን የአማራው አነጋገር ሁሉ ቁልፍ አድርጎ አቅርቦታል፤ ከቅኔ ማኅሌቱና ከአደባባዩ ይልቅ ወደ ወፍጮ ቤቱ ጆሮውን ቢያዘነብል ኖሮ የዚህን ቁልፍ ሌላ አጠቃቀም ባገኘ ነበር። በቅኔ ሰም የሚለብሰው ወርቁ እንዲደምቅ ነው። በእንጉርጉሮ ሰም የሚለብሰው ተናጋሪዋ እንዳትመታ ነው። በሞተር የሚሠራው ወፍጮ በመጣ ጊዜ የሴቲቱ ወገብ አርፏል፤ መልካም ሆነ። እንጉርጉሮው ግን በሞተሩ ጩኸት ውስጥ መግቢያ አላገኘም፤ በጊዜው መዝግቦ የያዘውም ጥቂት ነው።

ዛርም በዚህ ረገድ ሊታይ ይገባዋል። ሚሼል ሌሪስ የተባለው ፈረንሳዊ እ.ኤ.አ. በ1932 በጎንደር ያየውን መሠረት አድርጎ እ.ኤ.አ. በ1958 ባሳተመው ጥናት የዛርን ልክፍት ከቴአትር ጋር አዛምዶታል። ዛር ሲወርድባት ሚስት የማትናገረውን ትናገራለች፣ ልብስ፣ ሽቶና ጌጥ ትጠይቃለች፤ ባልም ለሚስቱ የማይሰጠውን ለዛሩ ይሰጣል። ቴአትር ከሆነ ተመልካቹ አንድ ነው፤ እርሱም ባል ነው። ለአንድ ሌሊት አንበሳው ተቀምጦ ሴቲቱ ታገሣለች። በማግሥቱ ግን ዛሩ ይሄዳል፣ እርሷም ወደ ምድጃዋ ትመለሳለች። ይህም ራሱን የቻለ ዑደት ነው፤ የባልን ዑደት የሚቋቋም እንጂ የሚሰብር አይደለም።

ሕጉ በበኩሉ ረጅም መንገድ መጥቷል። በ1952 ዓ.ም. የወጣው የፍትሐ ብሔር ሕግ በቁጥር 635 ባልን የቤተሰቡ አለቃ አድርጎ፣ በሕግ ያልተከለከለውን ትእዛዙን ሁሉ ሚስት እንድትፈጽም ያዝዝ ነበር። በቁጥር 644 ደግሞ ባል የሚስቱን ግንኙነት እንዲከታተልና አካሄዷን እንዲመራ ይፈቅድለት ነበር፤ ማለትም ስታርክ በደል ያለውን ሕጉ የባል መብት አድርጎት ነበር። እነዚህ ቁጥሮች በ1992 ዓ.ም. በወጣው የፌዴራል የቤተሰብ ሕግ፣ በአማራ ክልልም በ1995 ዓ.ም. በወጣው የክልሉ የቤተሰብ ሕግ ቀርተዋል። በ1996 ዓ.ም. የወጣው የወንጀል ሕግ በአንቀጽ 564 በትዳር ጓደኛ ላይ የሚፈጸም ጥቃትን በስሙ ጠርቶ ያስቀጣል፤ የአእምሮ ጤንነት ጉዳትንም ከአካል ጉዳት ጋር ይቆጥራል። ነገር ግን ሕጉም እንደ ሽማግሌዎቹ የሚጠይቀው «ምን ተፈጠረ?» ብሎ ነው። እንግሊዝ እ.ኤ.አ. በ2015 ባወጣችው ሕግ ተደጋጋሚ ቁጥጥርን ራሱን፣ ዱላ ባይኖርበትም፣ ወንጀል አድርጋዋለች። በዚያ ዳኛው ሳምንታቱን እንዲሰማ ይገደዳል።

ከቀበሌዋ ተነሥታ ዓለም ከተማ የደረሰችው ሴት ከዳኛ ፊት ስትቆም ማስረጃ ትጠየቃለች። ቁስሉ በመንገዱና በሽምግልናው ቀናት ጠግጓል። ምስክር የሚሆኑት ጎረቤቶች የእርቁን በግ የበሉ ናቸው። ያላት ዕውቀት ሁሉ የኮቴ፣ የሳል፣ የበር አከፋፈት ዕውቀት ነው፤ ይህም በመዝገብ አይጻፍም። የተረቱ ሴት በዚህ ከእርሷ ትሻላለች። ከአንበሳው ፊት እንደ ነበረች የሚያረጋግጥ፣ ከገላው የተነቀለ ሦስት ጸጉር በእጇ ነበራት። በኮርያው ተረት ሽማግሌው ያንን ጸጉር ተቀብሎ እሳት ውስጥ ይጥለዋል። አገርኛው ተረት ጸጉሩ ምን እንደሆነ ለመናገር ብዙም አይጨነቅም፤ ሴቲቱ ግን ወደ ቤቷ የምትመለሰው ባዶ እጇን ነው።